የኒክ ድሬክን «ፒንክ ሙን» በሸክላ ገዛሁት

ለ28 ደቂቃ ሙዚቃ 24 ፓውንድ ከፈልኩ። ባለቤቴ ስትሰማ «ደቂቃው በስንት ሊሆን ነው?» ብላ አሾፈችብኝ። እውነቷን ነው። በዚያ ላይ የላከልኝ ሱቅ በስስ ካርቶን ጠቅልሎት የሽፋኑ ጥግ ተጣሞ ደረሰኝ። ደግነቱ ሸክላው አልተነካም።

ኒክ ድሬክ እንግሊዛዊ ዘፋኝና ጊታር ተጫዋች ነው፤ በ1948 እ.ኤ.አ. በርማ፣ ራንጉን ውስጥ የተወለደ። ሦስት አልበም ሠራ፤ በሕይወት እያለ ብዙ ሰሚ አላገኙም። ሰው ፊት መጫወት ይከብደው ነበር። በ1974 በ26 ዓመቱ አረፈ። ብዙ ሰው ያወቀው ከሞተ ከስንት ዓመት በኋላ፣ አንድ የቮልስዋገን ማስታወቂያ ዘፈኑን ሲጠቀምበት ነው። ይገርማል!

ይሄ የመጨረሻ አልበሙ ነው፣ 1972 የወጣ። በሁለት ሌሊት ተቀዳ፤ ድምፅና ጊታር ብቻ። መጀመሪያው ዘፈን ላይ ትንሽ ፒያኖ ጣል ተደርጎበታል፣ በቃ።

እኔን የያዘኝ ጊታሩ ነው። ክሮቹን በተለመደው መንገድ አይቃኛቸውም። እንደ ዘፈኑ ያላላል፣ ያጠብቃል፤ ልክ ክራር ተጫዋች ከትዝታ ወደ ባቲ ሲሻገር እንደሚያደርገው። አብሬው ልሞክር ብዬ ግማሽ ሰዓት ስቃኝ ቆየሁና አንድ ክር በጠስኩ። በሸክላው ጣቱ ክሩ ላይ ሲንሸራተት ሳይቀር ይሰማል። በስልኬ ስሰማው ይህን ልብ ብዬው አላውቅም።

ለድግስ አይሆንም። ማታ፣ ቤቱ ጭር ሲል ነው የሚጥመው። ገና ሞቅ ሲለኝ ሸክላውን ለመገልበጥ መነሳቱ ግን ያስጠላል። ሽፋኑን እንዲቀይሩልኝ ጽፌ ነበር፤ እስካሁን መልስ የለም።