የአያትን የዘር ቆጠራ ለመያዝ፦ ደብተር ወይስ የስልክ የድምፅ ቅጂ?

የተፈለገው የዘር ሐረግ ብቻ ከሆነ ደብተር ይበልጣል። በአባት በኩል እስከ ሰባት ቤት ሲቆጠር 7 ስም ይወጣል፤ በእናትም በአባትም ከተወጣ ግን ሰባተኛው እርከን ላይ ብቻ 128 ሰው አለ። ይህን ጆሮ አይችለውም። ለእያንዳንዱ ሰው አንድ ገጽ ይሰጠው፦ የዓለም ስም፣ የክርስትና ስም፣ የትውልድ ቀዬ፣ የእናቱ ስም ከነአባቷ። ብዙ ጊዜ የሚጎድለው የመጨረሻው ነው፤ አያት ካልተጠየቁ የሴቶቹን መስመር ዘለው ያልፋሉ። ዓመተ ምሕረት ከመጠየቅ «ጣልያን ሲገባ አባትዎ አግብተው ነበር?» ማለት ይሻላል፤ 1928 ላይ ያደርሳል። አንድ ስም በየትውልዱ ሲደጋገም ስህተት መስሎ የሚሰረዝበት ጊዜም አለ፤ አይሰረዝ፣ ቁጥር ይሰጠው።

ወግ ከሆነ ግን ደብተር ይገድለዋል። አቀርቅሮ የሚጽፍ ሰው ፊት አያት ወሬያቸውን ያሳጥራሉ፤ ፉከራውና ሳቁም ወረቀት ላይ አይሰፍርም። ስልኩ የታጠፈ ነጠላ ላይ፣ ከአያት ክንድ ያህል ርቆ ይቀመጥ። ረከቦት ላይ ከሆነ የሲኒው ኳኳታ ድምፁን ይውጠዋል። ጥሪ ቅጂውን እንዳያቋርጥ የበረራ ሁነታ ላይ ይደረግ፤ ሲጀመርም ቀኑ፣ ቦታውና የተናጋሪው ስም በድምፅ ይነገር። ጣጣው በኋላ ነው፦ የ1 ሰዓት ቅጂ ወደ ጽሑፍ ለመገልበጥ 4 ሰዓት ሊፈጅ ይችላል።

ሁለቱም ከተቻለ ደብተሩ ይቅደም፤ ስሞቹን አስቀድሞ ያወቀ ሰው ወጉን በየመሃሉ «ማን ነበሩ?» እያለ አይቆርጥም።