በአሳማ ሥጋ ዋጋ የጨው ውሃ እንዳትገዙ

አሜሪካ ያላችሁ ወገኖቼ፣ በተለይ አዛውንት በመንከባከብ ሥራ ላይ ያላችሁ እህቶችና ወንድሞች፣ እባካችሁ ይህን ሳታነቡ ለገበያ አትውጡ። እኔ ሳላውቅ ሁለት ጥፋት አጥፍቻለሁ። የሰው ገንዘብ አባክኛለሁ። ጨው የተከለከሉ እናትንም ጨው አብልቻለሁ። እናንተ ላይ እንዳይደርስ ነው የምጽፈው።

እኔ ራሴ የአሳማ ሥጋ አልበላም። እምነቴ አይፈቅድም። ግን ሥራዬ ነውና እገዛለሁ፣ አበስላለሁ። ከእናንተም ብዙዎቻችሁ እንደዚሁ መሆናችሁን አውቃለሁ። የሚበላም አለ። እሱን ደግሞ ነገሩ የበለጠ ይመለከተዋል።

የምንከባከባቸው እናት ሜሪላንድ ውስጥ ነው የሚኖሩት። 88 ዓመታቸው ነው። ያደጉት ገበሬ ቤት ነው። ምን ልሥራልዎት ብዬ ስጠይቃቸው መልሳቸው ሁልጊዜ አንድ ነው፤ ፖርክ። ልባቸው ደካማ ስለሆነ ሐኪማቸው በቀን ከ1,500 ሚሊግራም በላይ ሶዲየም (ጨው ውስጥ ያለው ንጥረ ነገር) እንዳይወስዱ አዟል። ወረቀቱ ፍሪጁ ላይ ተለጥፏል። እኔም የጨው ዕቃውን ከምድጃው አጠገብ ካነሳሁት ቆይቻለሁ። በጥብስ ቅጠል፣ በነጭ ሽንኩርትና በፖም ነው የማጣፍጥላቸው።

ባለፈው ጥቅምት አንድ ትልቅ ሱፐርማርኬት ገባሁ። ሎይን ቅናሽ ላይ ነበር። ሎይን ማለት ከጀርባ አጥንት ግራና ቀኝ የሚወጣው ረጅሙ ሥጋ ነው፤ በሬ ላይ ቢሆን ሽንጥ የምንለው ቦታ። ፓውንዱ 1 ዶላር ከ99 ሳንቲም ይላል። አጠገቡ ያለው ሌላ ሎይን 2 ዶላር ከ29 ነው። ሳላመነታ ከርካሹ ባለ 8 ፓውንድ ሁለት እሽግ አነሳሁ። ለእሳቸው ገንዘብ ቆጠብኩ ብዬ ደስ ብሎኝ ወደ ቤት ተመለስኩ።

የመጀመሪያውን እሽግ ስከፍተው ብዙ ሮዝ ውሃ ፈሰሰ። የቀዘቀዘ ሥጋ ትንሽ ውሃ መልቀቁ ያለ ነው ብዬ አለፍኩት። መጥበሻ ላይ ሳደርገው ግን መጥበስ ትቶ መቀቀል ጀመረ። ዙሪያውን ነጭ አረፋ ያዘው። ሲበስልም እንደ ሥጋ አልተቀደደም፤ ቢላው ሥር ይንሸራተታል። እናትየዋ አንድ ጉርሻ ቀምሰው ቀና አሉና «ሃም ነው እንዴ የሠራሽው?» አሉኝ። ሃም በጨው የተዘፈዘፈ የአሳማ ሥጋ ነው። አይደለም፣ ጨውም አልጨመርኩም አልኳቸው። እውነቴን ነበር። ሳምንቱን ሙሉ ከዚያው ሥጋ በሉ።

በሳምንቱ መጨረሻ እግራቸው አብጦ አገኘሁት። ነርሷ መጥታ ምን ሲበሉ እንደሰነበቱ ጠየቀችኝ። ቆጠርኩላት። ጨው የሚባል ነገር እንዳልነካሁ ማልኩላት። እሷም ረጋ ብላ «እስኪ የሥጋውን እሽግ አሳዪኝ» አለችኝ። ሁለተኛው ገና አልተከፈተም ነበርና ከፍሪጅ አውጥቼ ሰጠኋት። አገላበጠችና በጣቷ አሳየችኝ። ከስሙ ሥር፣ በቀጭን ፊደል፣ እስከ 12 በመቶ የውሃ፣ የጨውና የሶዲየም ፎስፌት ውህድ እንደተጨመረበት ተጽፏል። በጀርባው ደግሞ በ4 ኦውንስ ሥጋ ውስጥ 330 ሚሊግራም ሶዲየም አለ ይላል።

እብጠቱ የመጣው በዚህ ሥጋ ነው አልልም። ነርሷም እንዲያ አላለችም። ግን ሒሳቡን አብረን ሠራነው። ምንም ያልተጨመረበት የአሳማ ሥጋ በ4 ኦውንስ ውስጥ ያለው ሶዲየም 60 ሚሊግራም ገደማ ነው። እሳቸው በአንድ ጊዜ የሚበሉት 8 ኦውንስ ያህል ነው። ከ120 ሚሊግራም ይልቅ 660 ሚሊግራም አጉርሻቸዋለሁ ማለት ነው። ከቀኑ ገደብ ግማሽ ሊሆን ምንም አልቀረውም። ያውም ከሥጋው ብቻ። ያን ቀን ወጥ ቤት ውስጥ ቆሜ አለቀስኩ።

አሁን ደግሞ የገንዘቡን ሒሳብ እዩት። በ8 ፓውንድ ውስጥ 12 በመቶው ውሃና ጨው ከሆነ ወደ አንድ ፓውንድ የሚጠጋው ሥጋ አይደለም። ያንን ቀንሳችሁ ስታሰሉት የንጹሑ ሥጋ ዋጋ በፓውንድ ወደ 2 ዶላር ከ26 ሳንቲም ይጠጋል። አጠገቡ የነበረው ያልተነካ ሎይን ደግሞ 2 ከ29 ነበር። 30 ሳንቲም ቅናሽ ያልኩት 3 ሳንቲም ሆኖ አረፈው። ለዚህ ነው እንግዲህ የጨው ውሃ ተሸክሜ የመጣሁት።

ይህ ነገር እንዴት እንደመጣ ማወቅ ፈልጌ ብዙ አነበብኩ። ነገሩ ዛሬ አልጀመረም። በ1980ዎቹ (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆቹ ነው የምጽፈው) አሜሪካ ውስጥ ሰው ስብ መፍራት ጀመረና ከአሳማ ወደ ዶሮ ዞረ። የአሳማ አምራቾቹም በ1987 «ሌላኛው ነጭ ሥጋ» የሚል ትልቅ የማስታወቂያ ዘመቻ ከፈቱ። ሥጋችን እንደ ዶሮ ሥጋ ስቡ ትንሽ ነው ለማለት ነው። ለገበሬው ስቡ ለሳሳ አሳማ የተሻለ ይከፈለው ስለነበር አሳማው በዘር ምርጫ እየተለወጠ ሄደ። ስቡ ቀነሰ። ስቡ ሲቀንስ ግን ሥጋው ቶሎ የሚደርቅ ሆነ። ክትፎ የሚወድ ሰው ይህን ለመረዳት ማብራሪያ አያስፈልገውም፤ ለዛው ከቅቤው ነው።

በዚያ ላይ የአሜሪካ ሰው የአሳማ ሥጋን ድርቅ እስኪል ማብሰል ለምዶ ነበር። ድሮ ትሪኪኔላ የሚባለውን ትል ይፈሩ ስለነበር ነው። የአሜሪካ ግብርና መሥሪያ ቤት ራሱ እስከ 2011 ድረስ ውስጡ 160 ዲግሪ ፋራናይት እንዲደርስ ይመክር ነበር። ሥጋው ደረቅ፣ አበሳሰሉ አድራቂ። ፋብሪካዎቹ ያገኙት መፍትሔ መርፌ ሆነ። ብዙ መርፌ በተደረደረበት ማሽን የጨው ውሃ ሥጋው ውስጥ ይወጋሉ። ፎስፌቱ ውሃውን ይዞ ያስቀረዋል። ስለዚህ ማንም እንዳሻው ቢያበስለው አይደርቅም። እኔ የምለው፣ ይህ ለአብሳይ ምቾት ሊሆን ይችላል። ግን በሥጋ ዋጋ መመዘኑ ልክ አይደለም።

የሥጋ ገበያው አሠራርም ተለውጧል። ድሮ ሱፐርማርኬት ውስጥ ነጭ ሽርጥ ያደረገ ሥጋ ቆራጭ ነበር፤ ከየት እንደመጣ፣ ምን እንደተደረገበት ይነግራችኋል። አሁን በብዙ ቦታ ሥጋው ተቆርጦ፣ ታሽጎ፣ ተመዝኖ ከፋብሪካ ይመጣል። ሎይኑን የገዛሁ ቀን መደርደሪያው ጋ የነበረውን ልጅ ስለ ሥጋው ጠይቄው ነበር። የእሱ ሥራ መደርደር ብቻ እንደሆነ በትሕትና ነገረኝ። ጠያቂና መላሽ ከተለያዩ የቀረን ማንበብ ብቻ ነው።

የሚነበብ ነገር መኖሩ ደግሞ ትልቅ ነገር ነው። ከጥር 1 ቀን 2016 ጀምሮ (በፈረንጆቹ) በፌደራል ደንብ መሠረት ውህድ የተጨመረበት ጥሬ ሥጋና ዶሮ ከስሙ ጋር ምን ያህል በመቶ እንደተጨመረና ምን እንደተጨመረ መጻፍ አለበት። ስለዚህ አይደብቁትም። በትልቁ የሚጻፈው ግን ዋጋው ነው። «ኮንቴይንስ አፕ ቱ» (እስከ ይህን ያህል ይዟል) ወይም «አዲድ ሶሉሽን» (የተጨመረ ውህድ) የሚሉ ቃላት ካያችሁ ቁሙ። በጣም ቀላሉ ምልክት ግን ሌላ ነው። ጥሬ ሥጋ ምን ምን እንደገባበት የሚዘረዝር ጽሁፍ አያስፈልገውም። ሥጋ ሥጋ ነው። እሽጉ ላይ «ኢንግሪዲየንትስ» ተብሎ ውሃ፣ ጨው፣ ፎስፌት ከተዘረዘረ የሆነ ነገር ገብቶበታል።

የኩላሊት ሕመምተኛ የምትንከባከቡ ደግሞ ከሁላችንም በላይ ተጠንቀቁ። ፎስፌቱ ራሱ ለእነሱ ችግር ነው። ሶዲየም ለመቀነስ ብለው በፖታሲየም የተሠራ ውህድ የሚጨምሩም አሉ። ለልብ ሕመምተኛ የተሻለ የሚመስለው ለኩላሊት ሕመምተኛ አደጋ ሊሆን ይችላል። ነርሱን ወይም ሐኪሙን ሳትጠይቁ አትግዙ።

እኛ ሥጋን በሎሚና በዱቄት አጥበን ነው የምናበስለው። ይህ ግን በማጠብ የሚወጣ ጨው አይደለም፤ ውስጡ ተወግቷል። ቧንቧ ሥር ማጠቡ ይልቅ ጀርሙን ወደ ዕቃና ወደ ሰላጣ ይረጫል። ዘፍዝፋችሁ ልታወጡት አትድከሙ። አንዴ ከገዛችሁት ማድረግ የሚቻለው ሌላ ጨው አለመጨመር ብቻ ነው።

አሳማ የማትነኩም ብትሆኑ ይህን አትለፉት። ዶሮ ላይም ይኸው ነው። ለበዓል ዶሮ ወጥ ስትሠሩ ቁሌቱ በደንብ ደርቆ፣ ቅመሙ ተስማምቶ፣ ዶሮው ሲገባበት ድንገት ወጡ ውሃ የሚሆንባችሁ ጊዜ የለም? እሽጉን እዩት። የዶሮ መረቅ ወይም የጨው ውሃ ተጨምሮበታል የሚል ልታገኙ ትችላላችሁ። ጨው ሳይጨመር ጨው የበዛበት ወጥም ከዚያ ይመጣል።

ሌሎች ለከንቱ የሚያስከፍሉ ጽሁፎችም አሉ። የአሳማ ሥጋ ላይ «ሆርሞን አልተሰጠውም» የሚል አይታችሁ ጨምራችሁ አትክፈሉ። አሜሪካ ውስጥ አሳማን ለማፋፋት ሆርሞን መስጠት ለማንም አልተፈቀደም።  «ናቹራል» (ተፈጥሯዊ) የሚለውም እንስሳው እንዴት እንዳደገ አይነግራችሁም። የአገሩን ነገር በተመለከተ፣ የአሳማና የበሬ ሥጋ ከየት እንደመጣ መጻፍ ግዴታ የነበረው በ2015 መጨረሻ ተሽሯል። ከ2026 መጀመሪያ ጀምሮ ግን «ፕሮዳክት ኦፍ ዩኤስኤ» (የአሜሪካ ምርት) ብሎ የሚጽፍ ሰው እንስሳው አሜሪካ ተወልዶ፣ አድጎ፣ ታርዶና ተዘጋጅቶ መሆን አለበት። ይህኛው ጽሁፍ አሁን ትርጉም አለው።

ስለ ዋጋም አንድ ነገር። ቅናሽ ሲመጣ ዛሬ ካልገዛሁ ያመልጠኛል ብላችሁ አትቸኩሉ። እኔን የጎዳኝ ችኮላ ነው። አብዛኛውን ጊዜ የአሜሪካ ሙቀት አልፎ ብርዱ ሲገባ ለእርድ የሚቀርበው አሳማ ይበዛል፤ ያኔ ሎይንም ሾልደርም (የትከሻ ሥጋ) ይረክሳል። በሙቀቱ ወራት ሰው ውጭ ስለሚጠብስ ይወደዳል። ያልተነካውም ሥጋ ተራው ደርሶ ቅናሽ ይወጣበታል። ጠብቁት። ገበሬው ረከሰበት ማለት ግን ለእኛ ይረክሳል ማለት አይደለም። በፈረንጆቹ 1998 መጨረሻ ገበሬዎች የቁም አሳማ ፓውንዱን ከ10 ሳንቲም በታች ሸጠው ስንቱ ከሥራው ወጣ፤ ሱቅ ላይ ግን ዋጋው በዚያ መጠን አልወረደም። ዛሬም ከሚታረደው አሳማ ከሦስት ሁለቱ እጅ ያህል የሚያልፈው በአራት ትልልቅ ኩባንያዎች እጅ ነው።

አሁን እኔ የማደርገውን ልንገራችሁ። ምንም ያልተጨመረበትን ሎይን ወይም ሾልደር እገዛለሁ። ሾልደር ስብ ስላለው በዝግታ ሲበስል አይደርቅም፣ ዋጋውም ከሎይን ብዙ ጊዜ ይቀንሳል። ሎይን ከሆነ የሥጋ ቴርሞሜትር እጠቀማለሁ። የአሁኑ የመንግሥት ምክር 145 ዲግሪ ፋራናይት ሲደርስ አውጥቶ ሦስት ደቂቃ ማሳረፍ ነው። እንዲያ ሲሆን ያለ ምንም መርፌ ለስላሳ ይሆናል። መሐሉ ፈዘዝ ያለ ሮዝ ቢሆን አትደንግጡ። የተፈጨ ከሆነ ግን 160 መድረስ አለበት።

ያልተከፈተውን እሽግ ከደረሰኙ ጋር ወስጄ መለስኩት። ሥራ አስኪያጁን አስጠርቼ ነርሷ ያሳየችኝን ጽሁፍ እኔም በጣቴ አሳየሁት። አልተከራከረኝም፤ ገንዘቡን መለሰልኝ። ስለ ሥጋና ዶሮ ጥያቄ ያላችሁ ደግሞ የግብርና መሥሪያ ቤቱ ነፃ የስልክ መስመር አለው፤ 1-888-674-6854። እኔ ደውዬ ስለ ፎስፌቱ ጠይቄያቸዋለሁ፣ ሳይሰለቹ አስረድተውኛል። እናትየዋ አሁን ሾልደር በፖምና በጥብስ ቅጠል ነው የሚበሉት። የእሽጉን ጽሁፍም ከመብሰሉ በፊት መነጽራቸውን አድርገው ራሳቸው ያነቡታል።