«የድንች ላዛኛ በ5 ደቂቃ» እያሉ ለሚሸጡት የማይክሮዌቭ ዕቃ ገንዘባችሁን እንዳታወጡ

ወገኖች፣ ሰሞኑን ቴሌግራምና ቲክቶክ ላይ «የድንች ላዛኛ በ5 ደቂቃ» እያሉ የሚያስተዋውቁትን ዕቃ ሳታዩት አትቀሩም። ክዳን ያለው ጎድጓዳ የፕላስቲክ ሳህን፣ ቀዳዳ ቀዳዳ ያለው ማጥለያ፣ ድንች በስሱ የሚቆርጥ መክተፊያ፣ ሁሉም አንድ ላይ 3,200 ብር። ሁለት ለሚገዛ ቅናሽ አለው ይላሉ። እንዳትገዙ። የገንዘቡ ነገር ብቻ ቢሆን ይህን ያህል አልጽፍም ነበር፣ ግን ለልጆቻችን የምናበላው ምግብ የሚሞቅበት ዕቃ ነውና እባካችሁ አንብቡልኝ።

ዕቃውን የገዛችው ታላቅ እህቴ ናት። ሁለት ልጆች አሏት፣ ከሥራ የምትገባው መሽቶ ነው፣ ምድጃ ሥር ቆማ የምታባክነው ጊዜ የላትም። ማስታወቂያው የተሠራው ለእንደሷ ዓይነቱ ሰው ነው። ቪዲዮው ላይ አንዲት ሴት ድንቹን መክተፊያው ላይ ሸርተት ሸርተት ታደርጋለች፣ ትደረድራለች፣ ወተት ታፈስበታለች፣ ቺዝ ትነሰንስበታለች፣ ከድና ማይክሮዌቭ ውስጥ ትከተዋለች። ስታወጣው ላዩ ወርቃማ ሆኗል፣ ዳር ዳሩ ቡናማ ሆኗል፣ ቺዙ ይሳባል።

እዚህ ጋ ቆም በሉልኝ። ውሸቱ ያለው እዚያ ወርቃማው ገጽ ላይ ነው።

ተራ ማይክሮዌቭ ምግብ ያበስላል እንጂ አይጠብስም። በዋናነት የሚያሞቀው ምግቡ ውስጥ ያለውን ውሃ ነው፣ ውሃ ደግሞ ከፈላ በኋላ ሙቀቱ አይጨምርም። አዲስ አበባ ላይማ ከተማችን ከፍታ ላይ ስላለች 92 ዲግሪ ገደማ ላይ ይፈላል። ቺዝ ወይም ድንች ቡናማ እንዲሆን ግን ላዩ ደርቆ ከ140 ዲግሪ በላይ መሞቅ አለበት። ስለዚህ ቪዲዮው ላይ ያለው ምግብ ኦቭን ገብቶ ወይም ግሪል ሥር ቆይቶ የወጣ ነው። ግሪል ያለው ማይክሮዌቭ አለ አይደል ወይ ትሉኝ ይሆናል። አለ፣ ግን ግሪሉ ቢበራ ያ ፕላስቲክ ራሱ ተጣምሞ ይቀር ነበር። በየትኛውም በኩል ብትሄዱ ያ ምግብ በዚያ ዕቃ አልተሠራም።

እህቴ ስትሞክረው እኔም አብሬያት ነበርኩ። ልክ መመሪያው ላይ እንዳለው አደረገች፣ ልክ 5 ደቂቃ። ሲወጣ የዳሩ ድንች ደርቆ ቆዳ መስሏል፣ መሃሉ ግን ጥሬ ነው፣ ቢላ ስትሰካበት ቀጭ ይላል። ምክንያቱ ግልጽ ነው። ሳህኑ ጠባብና ጥልቅ ነው፣ የማይክሮዌቭ ሞገድ ደግሞ ምግብ ውስጥ ዘልቆ የሚገባው ጥቂት ሴንቲሜትር ብቻ ነው። ከዚያ ወዲያ ያለው የሚበስለው ከዳር ወደ መሃል ቀስ እያለ በሚሄደው ሙቀት ስለሆነ እንደዚያ ቆሞ የተከመረ ድንች በ5 ደቂቃ ሊደርስ አይችልም። እሷም ደቂቃ ጨመረች፣ አሁንም አልበሰለም፣ ደግማ ጨመረች። የፕላስቲኩ ሽታ የመጣው ያኔ ነው። ምግቡን ደፋነው።

ሳህኑን አጥበን ወደ መስኮቱ ይዘን ሄድን። ቅቤና ቺዙ ቀልጦ ተንሳፎ የቆመበት ከፍታ ላይ፣ ዙሪያውን ነጭ መስመር ወጥቶበታል። በጣት ሲነካ ይሻክራል፣ አንዳንድ ቦታ ላይ ተቦርቡሯል። ከመስመሩ በታች፣ ወተቱ የነበረበት ግን እንደ መጣ ለስላሳ ነው። ይህ የሆነበት ምክንያት አለው። ወተቱ ውስጥ ያለው ውሃ የመፍላቱ ልክ ላይ ሲደርስ ሙቀቱ ይቆማል፣ ቅባት ግን እዚያ ላይ አይቆምም፣ እየጋለ ይሄዳል። ወጥ፣ ቅቤ፣ ዘይት፣ ቺዝ፣ ሥጋ ያለበትን ምግብ በማይረባ ፕላስቲክ ማሞቅ ባዶ ውሃ ከማሞቅ የሚብሰው ለዚህ ነው። ያ የተቦረቦረው ፕላስቲክ የት ገባ ብላችሁ አስቡ።

ከሥሩ ገልብጠን ስናይ ሦስት ማዕዘን ውስጥ 6 ቁጥር ታትሞበታል። 6 ማለት ፖሊስታይሪን ነው። እንደ መስታወት የሚያበራው፣ ደረቅ ያለው፣ ትንሽ ስታጥፉት ቋ ብሎ የሚሰበረው የፕላስቲክ ዓይነት ማለት ነው። 100 ዲግሪ አካባቢ ሲደርስ መለስለስ ይጀምራል። ለማይክሮዌቭ ተብለው የሚሠሩት አብዛኞቹ 5 ቁጥር ናቸው፣ ፖሊፕሮፒሊን፣ እሱ እስከ 160 ዲግሪ ገደማ ሳይቀልጥ ይቆያል። ግን 5 ቁጥር ስላያችሁ ብቻም አትመኑ። ቁጥሩ የፕላስቲኩን ዓይነት ነው የሚነግራችሁ እንጂ ማይክሮዌቭ ይገባል አይልም። የሚገባ መሆኑን የሚያሳየው በጽሑፍ ሲገለጽ ወይም የማዕበል መስመሮች ያሉበት የማይክሮዌቭ ምልክት ሲኖረው ነው።

እህቴ ለሻጩ ፎቶ ልካ ስትጠይቀው ምን አላት? «እህት፣ ከሥሩ ምልክት አለው እኮ፣ እይው» አላት፣ በቀስት አድርጎም አሳያት። ምልክቱ የብርጭቆና የሹካ ሥዕል ነው። ይህን ብዙ ሰው ስለማያውቀው ነው የሚያታልሉበት። ብርጭቆና ሹካ ማለት ዕቃው ምግብ ሊቀመጥበት ይችላል ማለት ብቻ ነው። ስለ ማይክሮዌቭ አንድም ነገር አይልም። ይህን ስትነግረው «ቢፒኤ ፍሪ ነው» አላት። ቢፒኤ ፍሪ ማለት ቢፒኤ የሚባለው አንድ ኬሚካል የለበትም ማለት ነው፣ ሙቀት ይችላል ማለት አይደለም። መጨረሻ ላይ «ኃይሉን አብዝተሽው ነው» ብሎ ብሎክ አደረጋት።

መክተፊያውም ቢሆን አይረባም። የጣት መከላከያ የለውም፣ ምላጩ ከታጠበ በኋላ ወዲያው ዝገት ጀምሮታል።

በዚሁ አጋጣሚ፣ ቤታችን ውስጥ ያሉት አበባ የተሳለባቸው የሜላሚን ሳህኖችም ማይክሮዌቭ ውስጥ መግባት የለባቸውም። የአሜሪካው የምግብና የመድኃኒት ተቆጣጣሪ ኤፍዲኤም በሜላሚን ዕቃ ማይክሮዌቭ ውስጥ ምግብ አታሙቁ ብሎ ይመክራል። ለእንግዳ የምናወጣቸው ዙሪያቸው በወርቅ ቀለም የተቀባ ሳህኖችም ብረትነት ስላላቸው ብልጭታ ይፈጥራሉ፣ አታስገቡ።

ምግቡ ራሱ ግን ጥሩ ምግብ ነው፣ ለመሥራትም ልዩ ዕቃ አይፈልግም። ፈረንሳዮች ዶፊኔ በሚባለው አካባቢያቸው በፈረንጆቹ 1788 ለግብዣ እንደቀረበ ተመዝግቧል፣ ያኔ ማይክሮዌቭም ፕላስቲክም አልነበረም። ለእናንተ የሚያስፈልጋችሁ ሰፋ ያለ የፓይሬክስ ወይም የሸክላ ሳህንና ስለታም ቢላ ነው። እኔ የምሠራው እንዲህ ነው።

ግማሽ ኪሎ ድንች ልጡና አጥባችሁ በጣም ስስ አድርጋችሁ ክተፉ፣ ከ3 ሚሊ ሜትር ባይበልጥ ጥሩ ነው። አረንጓዴ የሆነ ድንች ካያችሁ አውጡት፣ ሶላኒን የሚባለው መርዛማ ነገር ያለበት ምልክት ነው፣ ቢበስልም አይጠፋም። ከከተፋችሁ በኋላ ግን አትጠቡት፤ ወተቱን የሚያወፍረው ስታርች ታጥቦ ይሄዳል። ሳህኑን ቅቤ ቀቡት። አንድ ድርድር ድንች፣ ትንሽ ጨው፣ ቁንዶ በርበሬ፣ የተከተከተ ነጭ ሽንኩርት፣ እንደገና ድንች፣ እንዲህ እያላችሁ ቀጥሉ። ቁመቱ ከ4 ሴንቲሜትር እንዳያልፍ፣ ይህ ዋናው ነገር ነው። ድንቹን ሊሸፍን ትንሽ እስኪቀረው ወተት አፍስሱ፣ ክሬም ካላችሁ ቀላቅሉበት። በሌላ የሸክላ ሳህን ክደኑት፣ ዳሩ ላይ ለእንፋሎት ትንሽ ክፍተት ተዉለት።

4 ደቂቃ ያህል በሙሉ ኃይል፣ ከዚያ ወተቱ ገንፍሎ እንዳይወጣ ኃይሉን ግማሽ አድርጋችሁ ሌላ 8 ወይም 10 ደቂቃ። የየሰው ማይክሮዌቭ ኃይሉ ስለሚለያይ ደቂቃውን ሳይሆን ቢላችሁን እመኑ፣ መሃሉ ላይ ስትሰኩት ሳይታገላችሁ ከገባ በስሏል። የውጭ አገር አሠራር ላይ ካነበባችሁት ደቂቃ እዚህ ትንሽ ቢረዝምባችሁ አትደነቁ፣ የከፍታው ነገር ነው። በመጨረሻ ፕሮቮሎኔ ቺዝ ፈቅፍቃችሁ አንድ ደቂቃ ጨምሩለት። አውጡትና ተከድኖ 5 ደቂቃ ይቀመጥ፣ ያኔ ነው ወተቱ ወፍሮ ድንቹን የሚይዘው።

ላዩ ወርቃማ እንዲሆን የምትፈልጉ ከሆነ የደረቀ ዳቦ ፍርፋሪ በትንሽ ቅቤ መጥበሻ ላይ ቡናማ እስኪሆን አመሱና ሲወጣ ነስንሱበት። የሚንኮሻኮሸውን ነገር የምታገኙት በዚህ ነው። በጾም ቀን ደግሞ ወተቱንና ቅቤውን በአትክልት መረቅና በዘይት ተኩት፣ ቺዙን ተዉት። ቲማቲም መጨመር የምትወዱ ካላችሁ ድንቹ ከበሰለ በኋላ ይሁን፣ ቀድሞ ከገባ አሲዱ ድንቹ እንዳይለሰልስ ያደርገዋል፣ ግማሽ ሰዓት ብታቆዩትም ደረቅ ይላል።

እንግዲህ አጠቃላዩ ጊዜ ከ20 ደቂቃ ብዙም አይርቅም። 5 ደቂቃ የሚላችሁ ሰው ዋሽቷችኋል፣ 20 ደቂቃ ግን ለሥራ ቀን እራት ከበቂ በላይ ፈጣን ነው፣ ደግሞ ማይክሮዌቩ ሲሠራ ሌላ ሥራ ትሠራላችሁ።

አሁን ወደ ግዢው ልመለስ። እንዲህ ዓይነት ዕቃ ኦንላይን ስታዙ ገንዘብ ቀድማችሁ አትላኩ። ሞተረኛው ሲመጣ እሱ ፊት ክፈቱት፣ ገልብጡት፣ ከሥሩ ያለውን አንብቡ፣ ካልመሰላችሁ መልሱት። ሞተረኛው ቸኩያለሁ ቢል እንኳ አትቸኩሉ፣ ከሄደ በኋላ ስልክ የሚያነሳላችሁ የለም። ደረሰኝ ጠይቁ። የንግድ ውድድርና የሸማቾች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 813/2006 ጉድለት ያለበት ዕቃ የገዛ ሰው በ15 ቀን ውስጥ እንዲቀየርለት ወይም ገንዘቡ እንዲመለስለት መጠየቅ እንደሚችል ይደነግጋል። ግን ማንን ነው የምትጠይቁት? የእህቴ ክፍያ በቴሌብር ለግለሰብ ነው የተላከው፣ ደረሰኝ የለም፣ የሱቅ አድራሻ የለም። ያለን የክፍያው መልእክት፣ የማስታወቂያው ስክሪንሾትና የሳህኑ ፎቶ ነው። እሱኑ ይዘን ለክፍለ ከተማው ንግድ ጽሕፈት ቤት ማመልከቻ አስገብተናል። እናንተም ገዝታችሁ ከሆነ ቻቱን ሳይጠፋ ስክሪንሾት አድርጉት፣ ሻጩ ብሎክ ሲያደርግ ለሁለታችሁም ሊያጠፋው ይችላል።

ዕቃው አሁን ቤታችሁ ካለ ማጥለያው ጎመንና ሰላጣ ለማጠብ ይሆናል። ሳህኑን ግን ከወጥ ዕቃዎቻችሁ ጋር አትደርድሩት፣ ከማይክሮዌቩ አጠገብም አታስቀምጡት። እናንተ በሌላችሁበት ልጆቹ ወይም ቤት የምታግዛችሁ ልጅ ሳያውቁ ቅባት ያለው ወጥ ሊያሞቁበት ይችላሉ።