እናቴን አዳምጣ ካሳዋን ላስተካከለችልን ጠበቃ የቀረበ ምስጋና

ይህን የምጽፈው በ2014 ዓ.ም. የእናቴ የእርሻ መሬት ለመንገድ ሥራ ሲወሰድ ከጎናችን ለቆመች አንዲት ጠበቃ ምስጋናዬን በአደባባይ ለማቅረብና ዛሬ በእኛ ቦታ ላይ ያላችሁ ሰዎች ወደ እርሷ እንድትሄዱ ለመጠቆም ነው። ስሟን እዚህ ያልጠቀስሁት ራሷ ስለከለከለችኝ ብቻ ነው።

እናቴ አባታችን ከሞተ ወዲህ በሰሜን ሸዋ ደጋ ገብስና ባቄላ እያሳረሰች ስድስት ልጆች ያሳደገች ሴት ናት። የመሬት ማስለቀቂያ ትእዛዙና የካሳ ግምቱ ሲደርሳት ወረቀቱን አነበብሁላት። ምርቱ ስንት ኩንታል ተብሎ እንደተያዘ ስትሰማ፣ «ይኼ እኮ ውርጭ የመታን ዓመት ነው» አለች። ባሕር ዛፏም ከግማሽ በታች ተቆጥሮ ነበር።

ከዚያ በኋላ ያየነውን እንግልት ዛሬም ሳስታውሰው ያመኛል። አቤት ለማለት በሄድንበት ቢሮ ባለሙያው አንድ ቀን መስክ ወጥቷል፣ ሌላ ቀን ስብሰባ ላይ ነው ይሉን ነበር። በመጨረሻ ያገኘነው ሰው ከወንበሩ ሳይነሳ፣ «መሬቱ የመንግሥት ነው፤ የተሰጠዎትን ይውሰዱ» ብሎ አሰናበታት። አንድ ጉዳይ ገዳይ ከካሳው ሲሶውን ካልሰጣችሁኝ አለ። ቀብድ የተቀበለን የሕግ ባለሙያ ደግሞ ስልክ ባነሳ ቁጥር «አይዟችሁ፣ ጊዜ አለ» ይለን ነበር። ጊዜ ግን አልነበረም። አቤቱታ የሚቀርበው ትእዛዙ በደረሰ በ30 ቀን ውስጥ መሆኑን የነገረችን ይህች ጠበቃ ናት፤ በእድርተኛ ጥቆማ ቢሮዋ ስንደርስ 22 ቀን አልፎናል።

ወረቀቱን ሁለት ጊዜ አነበበችና በመጀመሪያ የነገረችን መራሩን እውነት ነበር። «እማማ፣ መሬቱን አስቀርልዎታለሁ ብዬ አልዋሽዎትም» አለቻት። ቀጥላም የሕገ መንግሥቱን አንቀጽ 40 ከፍታ፣ መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ቢሆንም በላዩ ላይ ያለው ንብረትና የፈሰሰው ጉልበት የእናቴ መሆኑን፣ መንግሥትም ለሕዝብ ጥቅም ሲወስደው ተመጣጣኝ ካሳ አስቀድሞ መክፈል እንዳለበት በሚገባት ቋንቋ አስረዳቻት። እናቴ ያን ያህል ጊዜ ቢሮ ለቢሮ ስትንከራተት ይህን የነገራት ሰው አልነበረም።

ቅዳሜ ዕለት ማሳው ድረስ መጣች። ዝናብ ስለነበር ጫማዋን አውልቃ፣ እናቴን በክንዷ ደግፋ ድንበሩን ከዳር እስከ ዳር ዞረችው። ባሕር ዛፉን ስትቆጥር እንዳይደገም በእያንዳንዱ ግንድ ላይ ነጭ ክር ታስር ነበር፤ ገማቾቹ የዘለሏቸውን፣ ከጉቶ ያቆጠቆጡትንም ለብቻ መዘገበች። ከዚያ ከክምሩ አጠገብ ቆመችና፣ «እማማ፣ ጭዱን ምን ያደርጉበታል?» ብላ ጠየቀቻት። እናቴ ጥቂት ዝም አለች። «ላሞቼ በጋውን የሚወጡት በእሱ ነው፤ የተረፈውን እሸጣለሁ። ማንም ጠይቆኝ አያውቅም፣ ልጄ» ስትል ድምፅዋ ተሰበረ። ጠበቃዋ አልቸኮለችም፤ እናቴ እንባዋን በነጠላዋ እስክትጠርግ ጠብቃ፣ ጭዱ በዓመት ስንት ሸክም እንደሚሆን ጠይቃ ጻፈች። ያችን ቅጽበት መቼም አልረሳትም።

ስሌቱን በዝርዝር ዛሬም አላውቀውም። የገባኝ ዋናው ነገር በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 መሠረት ተመጣጣኝ ምትክ መሬት ላልተሰጠው አርሶ አደር የሚታሰበው በመጨረሻዎቹ ሦስት ዓመታት ካገኘው ገቢ ከፍተኛው መሆኑና ያም በ15 መባዛቱ ነው። ለእናቴ ግን ከሦስቱ ዝቅተኛው ተይዞባት ስለነበር የአንድ ዓመት ውርጭ ጉዳት 15 ጊዜ ሊቆጠርባት ነበር። አቤቱታው በ29ኛው ቀን ገባ። ኮሚቴው ተመልሶ መጣ፣ ክር የታሰረባቸውን ዛፎች አንድ በአንድ ቆጠረ፣ ምርቱም በደህናው ዓመት ተተካ፣ ጭዱም ተጨመረ። በማሳው ላይ ላለው የድንጋይ ካብ የጠየቅነው ካሳ ግን ተቀባይነት አላገኘም፤ ይህንንም ሳትሸፋፍን ነግራን፣ ይግባኝ ማለት መብታችን እንደሆነና ምን ያህል ሊያደክመን እንደሚችል አስረድታን ውሳኔውን ለእናቴ ተወችላት። እናቴም ይበቃኛል አለች። የጥብቅና ክፍያውም በመጀመሪያው ቀን በጽሑፍ የተስማማንበት ነበር፤ ከዚያ በላይ ሳንቲም አልጠየቀችንም።

እናቴ ዛሬ በከተማው ዳር በገዛችው ቤት ሁለት ላሞች ይዛ ትኖራለች። ለጠበቃዋ በየፋሲካው በሶ ፈጭታ በእኔ እጅ ትልካለች፤ ስሟንም በጸሎቷ ታነሳለች። እግዚአብሔር ዕድሜና ጤና ይስጥልን።

ወገኖቼ፣ የማስለቀቂያ ትእዛዝ የደረሳችሁ ሰዎች እባካችሁ ቀን አታሳልፉ፤ ለጉዳይ ገዳይ ድርሻ ቃል አትግቡ፤ ያልገባችሁ ወረቀት ላይም አትፈርሙ። ወደ እርሷ ሂዱ፤ ደግሜ እላለሁ፣ ወደ እርሷ ሂዱ። አዋጁ ከእኛ ጉዳይ ወዲህ መሻሻሉን ነግራኛለችና በእኛ ስሌት ብቻ አትመሩ፤ የእናንተን እርሷ ራሷ ትየው። የይዞታ ደብተራችሁን፣ የግምቱን ወረቀትና ትእዛዙ የደረሳችሁን ቀን የሚያሳየውን ማስረጃ አዘጋጅታችሁ በውስጥ መስመር ጻፉልኝ፤ ስልኳን በዚያው ዕለት እልክላችኋለሁ።