የሪያሊቲ ሾው ፕሮዲውሰርነት ኮርስ ወሰድኩ፤ 7ኛው ትምህርት ብቻ ይበቃኝ ነበር

ከፍዬ ነው የተማርኩት፣ ማንም በነጻ አልሰጠኝም። ስለዚህ የመሰለኝን እጽፋለሁ። የኮርሱን ስም ግን አልጠራም፤ ቅሬታዬ በዛ ያለ ስለሆነ ነገር ፍለጋ እንዳይመስልብኝ። 12 ትምህርት ያለው የኦንላይን ኮርስ ነው። ማስታወቂያው ጨርሰህ ስትወጣ የሪያሊቲ ሾው ፕሮዲውሰር ትሆናለህ ይላል።

የመጀመሪያዎቹ ሦስት ትምህርቶች የማርክ በርኔት ገድል ናቸው። እውነት ገድል ነው፣ የቀረው መልክዕ ብቻ ነው። የእንግሊዝ አየር ወለድ ወታደር የነበረ ሰው በ1982 አሜሪካ ገባ፣ ሞግዚት ሆኖ ሠራ፣ ባሕር ዳርቻ ላይ ቲሸርት ሸጠ፣ ከዚያ በ2000 ሰርቫይቨርን (ሰዎች ምድረ በዳ ላይ ተጥለው እየተወዳደሩ አንድ በአንድ የሚሰናበቱበትን ፕሮግራም) ለአሜሪካ ቴሌቪዥን አቀረበና የመጀመሪያውን ሲዝን መጨረሻ ከ50 ሚሊዮን በላይ ሰው አየው። ታሪኩ ደስ ይላል። ግን ዋናውን ነገር ዘለሉት፦ ፎርማቱ፣ ማለትም የፕሮግራሙ ንድፍ፣ የእሱ አይደለም። ያመነጨው ቻርሊ ፓርሰንስ ነው፤ መጀመሪያ የታየውም በ1997 ስዊድን ውስጥ ነው። በርኔት የአሜሪካውን መብት ወስዶ ጣቢያ አሳመነ። ይሄ ደግሞ ሰውየውን አያሳንሰውም፣ እንዲያውም ግማሹ ሙያ እሱ ነው፤ የሌላ ሰው ሐሳብ ሌላ አገር እንደሚሠራ ማየት፣ መብቱን መያዝ፣ ከዚያ ገንዘብ ያለው ሰው ፊት ቁጭ ብሎ ማሳመን። እሱን ቢያስተምሩን ኖሮ ሦስቱም ትምህርት አይቆጨኝም ነበር።

4ኛው ይሻላል፣ ግን 20 ደቂቃ ብቻ ነው። ስለ ሪል ወርልድ ነው። በ1992 ኤምቲቪ ላይ የጀመረ፣ ሰባት ወጣቶች አንድ ቤት ውስጥ የሚኖሩበት ፕሮግራም። የፈጠሩት ሁለት ሰዎች ናቸው። ሜሪ ኤሊስ ቡኒም ከተከታታይ ድራማ ዓለም የመጣች ፕሮዲውሰር ነበረች፤ ጆናታን መሬይ ደግሞ ከዜናና ከዘጋቢ ፊልም። መጀመሪያ ያሰቡት በጽሑፍ የሚሠራ ድራማ ነበር። ወጪው ከበደና በተዋናይ ፋንታ እውነተኛ ሰው አስገቡ። ይቺን ስሰማ ብዙ ነገር በራልኝ። ሪያሊቲ ሾው ለምን ድራማ ድራማ እንደሚል አሁን ገባኝ፤ ከመጀመሪያውም እናቱ ድራማ ናት።

5ኛውና 6ኛው ስለ ተሳታፊ ምርጫና ስለ ቀረጻ ፕሮግራም አወጣጥ ናቸው። እንቅልፍ ወሰደኝ።

7ኛው ላይ ግን ነቃሁ። የምታስተምረው ሴት ለዓመታት ስቶሪ ፕሮዲውሰር ሆና የሠራች ናት። ሥራዋ ካሜራው ያመጣውን ክምር አይቶ ታሪክ ማውጣት ነው፣ ከኤዲተሩ ጎን ቁጭ ብላ። ስላይድ የለ፣ ሙዚቃ የለ። አንድ ፋይል ከፈተች፦ አብረው የሚኖሩ ሁለት ሴቶች ባልታጠበ ሳህን የሚጨቃጨቁበት የ40 ደቂቃ ጥሬ ቀረጻ። ሦስት ደቂቃ አድርጋችሁ አምጡ፣ መጀመሪያ ግን ምኑ ከምን ቀጥሎ እንደሚመጣ በወረቀት ጻፉ አለች።

ከዚያ በፊት ስለ ቃለ መጠይቁ ነገረችን፤ ተሳታፊው ለብቻው ካሜራ ፊት ተቀምጦ የሆዱን ስለሚያወራባት ወንበር። የጠያቂው ድምፅ ስለሚቆረጥ ተሳታፊው ጥያቄውን መልሱ ውስጥ ይደግመዋል። ያለፈውንም አሁን እየሆነ እንዳለ አድርጎ እንዲያወራ ይነገረዋል። ልብሱም ያው አንዱ ነው፣ የተለያየ ቀን የተቀረጸው እንዲገጣጠም። ያቺ ሸሚዝ መቼም የማትቀየረው ለምን እንደሆነ ስንት ዓመት ስጠይቅ ነበር!

ቀጥላ ፍራንከንባይት የሚሉትን አሳየችን። ሰውየው በተለያየ ቦታ የተናገራቸውን ቃላት ቆራርጠህ አንድ ዓረፍተ ነገር ታደርጋቸዋለህ። እንዴት ይታወቃል? ሰውየው ማውራት ይጀምራል፣ መሃል ላይ ፊቱ ይጠፋና የሌላ ሰው ፊት ወይም አንድ ብርጭቆ ታያለህ፣ ድምፁ ግን ይቀጥላል። ሁሌም ማጭበርበር ነው ማለት አይደለም፣ አንዳንዴ ወሬ ለማሳጠር ብቻ ነው። ግን ከዚያ ቀን ወዲህ አንድም ፕሮግራም በሰላም አይቼ አላውቅም። ቤት ውስጥ ሰው ሲያይ "ይቺ ቅጥል ናት!" እያልኩ እረብሻለሁ፣ ተጠልቻለሁ።

የቤት ሥራዬን ላኩ። 31ኛው ደቂቃ ላይ አንደኛዋ ከባድ ቦርሳ አንስታ "እፎይ" ትላለች። እኔ እሱን አምጥቼ ጓደኛዋ ከተናገረችው ቀጥሎ አስቀመጥኩት። በቃ፣ ንቀት ሆነ! ትዕይንቱ ነፍስ ዘራ። ኮራሁ። የመምህሯ መልስ በድምፅ መጣ፣ ሰላምታ እንኳ አልነበረውም፤ "ትንፋሹን ከየት አመጣኸው?" ነው ያለችኝ። አታድርግ አላለችኝም። ከየት እንዳመጣኸው ወረቀቱ ላይ ጻፍ፣ አለቃህ ሲጠይቅህም የልጅቷ እናት ስትጠይቅህም የምትመልሰው ይኑርህ አለችኝ። ተመልሼ ስፈልግ 12ኛው ደቂቃ ላይ ልጅቷ ዝም ብላ አንድ ብርጭቆ ሁለት ጊዜ ስታጥብ አገኘሁ። እሱን ተካሁት። ከትንፋሹ ይሻላል? እንጃ። ቀዝቀዝ ይላል፣ ግን ከቦታው አልተነቀለም።

ከ8 እስከ 12 ያለው ወደ ገድሉ ይመለሳል። ሥራው በአብዛኛው በፕሮጀክት መሆኑን፣ ሲዝኑ ሲያልቅ ኮንትራትህም እንደሚያልቅና እንደገና ስልክ መጠበቅ እንደምትጀምር አንድ ቦታ ላይ በአንዲት ዓረፍተ ነገር አልፈውታል። በ2006 የአሜሪካስ ኔክስት ቶፕ ሞዴል (የሞዴሎች ውድድር ሪያሊቲ ሾው) ስቶሪ ፕሮዲውሰሮች የእኛም ሥራ ድርሰት ነው፣ በአሜሪካ የፊልምና የቴሌቪዥን ጸሐፊዎች ማኅበር እንወከል ብለው ሥራ አቁመው ነበር። አልተሳካላቸውም፣ ሥራቸውንም አጡ። እዚህ ሙያ ልግባ ለሚል ሰው ይሄ ከቲሸርቱ ታሪክ አይበልጥም? ኮርሱ ውስጥ ግን የለም።

ጥያቄ መቀበያው ደግሞ ለስም ነው። ስለ ኮንትራት የጻፍኩት ጥያቄ ሦስት ሳምንት ሞላው፣ የመጣልኝ የሚቀጥለው ኮርስ የቅናሽ ማስታወቂያ ነው። ከ5 ኮከብ 3 ሰጥቻለሁ፤ ሁለት ተኩሉ የ7ኛው ትምህርት ነው።