የእማዬ ቴሌቪዥን፣ ዲሽ ያቀናው ልጅና ካሴቱን ያዳኑት ጋሼ

አዲስ አበባ ሦስት ሳምንት ቆይቼ አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ከተመለስኩ አምስት ቀኔ ነው። የተጠቀምኩባቸውን አገልግሎቶች ሳልረሳ ልጻፋቸው። ሰሞኑን አገር ቤት የምትሄዱ ካላችሁ ይጠቅማችኋል።

ከአውሮፕላን ማረፊያ ቤት በራይድ ሄድኩ። ጥሩ ነበር፤ ሾፌሩ ሻንጣዬን እስከ ሦስተኛ ፎቅ ተሸከመልኝ። ሌላው ጉዳዬ ሁሉ ግን የእማዬ ቴሌቪዥን ነበር።

ስደርስ ቴሌቪዥኑ ጥቁር ነው። ንፋስ ዲሹን ካዞረው ሁለት ወር ሆኖታል። እማዬ ልጆቿን ላለማስቸገር ብላ ለማንም አልተናገረችም። ብቻዋን የምትኖር ሴት ሁለት ወር ሙሉ ያለ ቴሌቪዥን! በጣም አዘንኩ።

ጎረቤት የአንድ ዲሽ ሠሪ ልጅ ስልክ ሰጠችኝ። ስምንት ሰዓት እመጣለሁ አለ፣ ስምንት ሰዓት መጣ። ፋይንደሩን (የሲግናል መፈለጊያውን) ይዞ ጣሪያ ወጣ። የአገራችን ጣቢያዎች የሚተላለፉበት ሳተላይት፣ ኢትዮሳት፣ 57 ዲግሪ ምሥራቅ ላይ ነው፤ ትንሽ ከተዛነፈ ሁሉም ይጠፋል። ያረጀውን ኤልኤንቢ (ዲሹ ፊት ያለውን ሲግናል ተቀባይ) ቀየረ፣ ብሎኖቹን አጠበቀ፣ ወርዶ ሰርች አደረገ። ከዚያ ያልጠየቅኩትን ሠራ። እማዬ አጠገብ ቁጭ ብሎ «እማማ፣ የቱ ይቅደም?» እያለ ጣቢያዎቹን እሷ በምትፈልገው ቅደም ተከተል ደረደረላት። ዕቃውን ጨምሮ 1,800 ብር ከፈልኩ። ለእኔ የጉዞው ምርጥ አገልግሎት ይሄ ነው።

ሲደረድርላት እማዬ በእያንዳንዱ ጣቢያ ላይ «ይሄ የማን ነው?» ትለዋለች። ልጁ ሳቀ። እኔ ግን ጥያቄዋ ከየት እንደመጣ አውቃለሁ። እማዬ የአንድ ጣቢያ ባለቤት ሲቀያየር እያየች ያረጀች ሴት ናት።

ቴሌቪዥን አገራችን የገባው ጥቅምት 23 ቀን 1957 ዓ.ም. ነው። ቀኑ የንጉሡ የዘውድ በዓል ነበር። ስቱዲዮው ማዘጋጃ ቤት ውስጥ ሆኖ፣ በሙያው የረዳው የእንግሊዙ ቶምሰን ኩባንያ ነው። እማዬ ያኔ ተማሪ ነበረች። ፒያሳ አንድ ሱቅ መስኮት ላይ ተጋፍታ ያየችውን ጥቁርና ነጭ ምስል እስከ ዛሬ ታወራለች።

ከዚያ 1967 መጣ። የመስከረም 1 ማታ ደርግ በዚያው ጣቢያ የእንግሊዛዊውን ጋዜጠኛ የጆናታን ዲምብልቢን የወሎ ረሃብ ፊልም አሳየ። በረሃብተኞቹ መሀል የቤተ መንግሥት ግብዣ ምስል ተሰክቶበታል። ንጉሡም እንዲያዩት ታዘዙ። በማግስቱ ከዙፋን ወረዱ። እማዬ ያን ማታ ጎረቤት ቤት ሆና እያለቀሰች ነው ያየችው።

አሥር ዓመት አለፈ። መስከረም 1977 ጣቢያው በቀለም ማሰራጨት ጀመረ፤ የአብዮቱን አሥረኛ ዓመትና የኢሠፓን ምሥረታ ለማሳየት። ያን ጊዜ ወሎና ትግራይ ሰው እንደ ቅጠል ይረግፍ ነበር። በእኛ ስክሪን ላይ ግን ሰልፍና ባንዲራ ነው፣ ያውም በቀለም። ዓለም የኮረምን ጉድ ያየው በጥቅምት፣ በቢቢሲ ነው። በረሃብ ፊልም ንጉሥ ያወረደ ጣቢያ ከራሱ ዘመን ረሃብ ካሜራውን አዞረ። ይሄ ዛሬም ያንገበግበኛል።

ከዚያ በኋላም ስሙ ሲቀያየር ኖረ። በ1987 ከሬዲዮው ጋር በአንድ ድርጅት ሥር ሆነ። በ2006 ኢቢሲ ተባለ። ለእማዬ ግን ያው «ቴሌቪዥን ጣቢያ» ነው። ልጁ ኢቢኤስ ላይ ሲደርስ መልሱን እኔ ነገርኳት። እኔ የምኖርበት ከተማ ውስጥ፣ በ2000 ዓ.ም. አካባቢ፣ በእኛው ሰዎች የተጀመረ ነው። ማመን አቃታት። ድሮ የምትወዳቸውን የቱርክ ድራማዎች ያመጣው ቃናም በ2008 ሲጀምር ዱባይ ያለው ሞቢ ግሩፕ ድርሻ ነበረበት። በ1999ኙ የብሮድካስት አዋጅ መሠረት የውጭ ዜጋ የጣቢያ ፈቃድ አይሰጠውም ነበር። ሳተላይቱ ግን ድንበር የለውም።

አሁን ወደ ካሴቱ። አባቴ ነፍሱን ይማረውና በ1981 የዕንቁጣጣሽን ፕሮግራም ከቴሌቪዥን በቪዲዮ ካሴት ቀድቶ ነበር። አባባ ተስፋዬ ተረት ሲያወሩ አለበት። ካሜራ ገዝቶ ስለነበር መጨረሻው ላይ የቤታችን ቡና፣ የአያቴ ድምፅ አለ። ይህን ወደ ፍላሽ ለማስገልበጥ ቦሌ አካባቢ ወዳለ አንድ ትልቅ ሱቅ ወሰድኩት። ስሙን አልጠራም። ሁለት ቀን ያሉኝ ዘጠኝ ቀን ፈጀ። የሰጡኝ ፍላሽ ምስል አለው፣ ድምፅ የለውም። ካሴቱ ውስጥ ፊልሙ ተጨማዷል። «ድሮም እንዲህ ነበር» አሉኝ። ገንዘቤንም አልመለሱም። መኪና ውስጥ ገብቼ አለቀስኩ።

ያዳነኝ ዲሽ ሠሪው ልጅ ነው። ደውዬ ስነግረው አራት ኪሎ አካባቢ የድሮ ዴክ (የቪዲዮ ካሴት ማጫወቻ) የሚጠግኑ ጋሼ ጋ ላከኝ። ክፍላቸው ጠባብ ናት፤ እስከ ጣሪያው ድረስ ዴክ ነው። ካሴቱን ፈትተው ፊልሙን ወደ ሌላ የካሴት ሽፋን አዛወሩት። የተጨማደደውን ቆርጠው ቀጠሉት። የዴኩን ሄድ በአልኮል ጠረጉ። መገልበጥ የካሴቱን ያህል ጊዜ ይፈጃልና ሁለት ሰዓት ሙሉ አብረን ተቀመጥን። አራት ደቂቃ ያህል ጠፍቷል። የአያቴ ድምፅ ግን አለ። «ከዚያ ዘመን ስንት ነገር ሰው ቤት ብቻ የቀረ አለ፣ ልጄ» አሉኝ። 1,000 ብር ጠየቁ፤ ጨምሬ ስሰጣቸው እምቢ አሉ።

ማታ ከእማዬ ጋር አየነው። አባባ ተስፋዬ «የዛሬ አበባዎች የነገ ፍሬዎች» ሲሉ አብራቸው ትል ነበር።

ካሴት ያላችሁ በእጅ ሻንጣ ያዙት፣ ለጭነት አትስጡ። ስታስገለብጡ ጥላችሁ አትሂዱ፣ አጠገቡ ቁጭ በሉ። ከመክፈላችሁ በፊት ደግሞ ድምፁን ስሙ።