የሚሽከረከር የቃላት ጨዋታ ልትገዙ ያሰባችሁ፣ ገንዘብ ከመላካችሁ በፊት ይህን አንብቡ

ጅማ ያላችሁ ወላጆች፣ መምህራን፣ የወጣት ማኅበር አስተባባሪዎች፣ እባካችሁ ተጠንቀቁ። «በእጅ የተሠራ የሚሽከረከር የቃላት ጨዋታ፣ ከነአጫዋቹ» እየተባለ በቴሌግራም የሚሸጥ ነገር አለ። ክቡን አሽከርክሮ ፊደል በመጥራት ሰሌዳ ላይ የተደበቀውን ቃል ማግኘት ነው ጨዋታው። እኛ ገዛነው። 9,500 ብር ከፈልን። 34 ልጆች ቁጭ ብለው እየጠበቁ ጨዋታው አልሠራም።

በየክረምቱ ሄርማታ አካባቢ የሰፈር ልጆችን ሰብስበን እናስነብባለን። ከአራተኛ እስከ ሰባተኛ ክፍል ያሉ ናቸው። አንዳንዱ በአማርኛ፣ አንዳንዱ በአፋን ኦሮሞ ማንበብ ይቀናዋል። በጳጉሜን ከመበተናችን በፊት አንድ የማይረሱት ቀን ልናዘጋጅላቸው ፈለግን። ወላጆች አዋጡ። ሁለት መቶ የሰጠ አለ። አንዲት እናት ጉልት ቸርችራ ካገኘችው ላይ ሃምሳ ብር አምጥታለች። ዝም ማለት ያቃተኝ በዚህ ምክንያት ነው።

ማስታወቂያው ላይ ያለው ፎቶ ያምራል። ባለ ብዙ ቀለም ክብ፣ የፊደል ሰሌዳ፣ ማይክ የያዘ ወጣት። ለሻጩ ደወልኩ። «ፊደሉ ሙሉ ነው?» አልኩት። «አታስቢ እህቴ፣ ሁሉም አለ። አማርኛም ኦሮምኛም» አለኝ። 6,000 ብር በቴሌብር ላክሁ። ቀሪውን 3,500 ዕቃውን ባመጣበት ጠዋት ተቀበለኝ። ደረሰኝ አልሰጠኝም፣ እኔም አልጠየቅኩም። ክቡን አንዴ እንኳን ሳላሽከረክር ነው የከፈልኩት።

መጀመሪያ ስለ ክቡ ልንገራችሁ። ከሁለት ቁራጭ ኮምፔንሳቶ የተጋጠመ ነው። መጋጠሚያው እንዳይላቀቅ ከጀርባው በአንድ ወገን ወፍራም እንጨት ተመትቶበታል። መሐሉ ላይ ኩሽኔታ የለውም። በቡሎንና በዳዶ ብቻ ነው የታሰረው። ሲጠብቅ አይዞርም፣ ሲላላ ይወዛወዛል። ከዚህ የባሰው ግን ሚዛኑ ነው። እንጨት የተመታበት ወገን ስለሚከብድ ክቡ ሊቆም ሲል እሱ ወደ ታች ይወርዳል። ጠቋሚው ደግሞ ከላይ ነው ያለው። ስለዚህ ማንም ቢያዞረው ከከባዱ ወገን ትይዩ ያለው ክፍል ጠቋሚው ሥር ይመጣል። የእኛው ላይ እዚያ የተጻፈው «ባዶ» ነበር። ልጆቹ እየተነሱ ያዞራሉ፣ ባዶ። እንደገና፣ ባዶ። አንዱ ልጅ «ቲቸር፣ እኔ ጥፋት ሠርቼ ነው?» ብሎ ጠየቀኝ። ኋላ ቤት ወስጄ 30 ጊዜ አሽከርክሬ ቆጠርኩ። ክፍሎቹ 12 ናቸው። «ባዶ» 11 ጊዜ መጣ።

ክቡስ በሆነ ነበር። የፊደሉ ነገር ነው ያናደደኝ።

ጨዋታው የመጣው ከአሜሪካ ቴሌቪዥን ነው። ዊል ኦፍ ፎርቹን ይባላል፣ እ.ኤ.አ. ከ1975 ጀምሮ ይታያል። የእነሱ ክብ 24 ክፍል አለው። ተጫዋቹ ክቡን አዙሮ አንድ ተነባቢ ይጠራል። አናባቢ ከፈለገ ግን ካገኘው ላይ 250 ዶላር ከፍሎ ይገዛል። ይህ ሕግ ለላቲን ፊደል ልክ ነው። ፊደሉ 26 ነው፣ አናባቢውም ለብቻው ቆሞ ይጻፋል። የእኛ ፊደል እንዲህ አይደለም። አናባቢው ፊደሉ ውስጥ ነው ያለው። 33ቱ በሰባት ቤት ሲባዙ 231 ይሆናሉ፣ ዲቃላዎቹን ሳንቆጥር።

ሻጩ ያመጣልን ሳጥን ውስጥ የነበረው ግን 33 ካርድ ብቻ ነው። ከሀ እስከ ፐ ግዕዙ ብቻ። ካዕብ የለ፣ ሳልስ የለ፣ ሳድስ የለ። በዚህ ምን ቃል ይጻፋል? «ጅማ» ለማለት እንኳን ጅም ማም የሉም። አፋን ኦሮሞ የሚጻፍበት የላቲን ፊደል፣ የቁቤውም ያው ነው። እያንዳንዱ ፊደል አንድ አንድ ካርድ ብቻ አለው። ቁቤ ረጅሙን አናባቢ ሁለት ጊዜ ነው የሚጽፈው፣ የሚጠብቀውንም ተነባቢ ይደግመዋል። አንድ አንድ ካርድ ይዞ አፋን ኦሮሞ መጻፍ አይቻልም። «አማርኛም ኦሮምኛም» የተባለው በሁለቱም ቋንቋ የማይሠራ ነው።

አጫዋቹ ትሑት ልጅ ነበር፣ እሱን አልከስም። የተሰጠውን ወረቀት ነው የሚያነበው። ካርዶቹ ላይ በእስክሪብቶ ቅጥያ እየጨመርን ልንቀጥል ሞከርን። እሱ መሐል ላይ «አናባቢ የሚገዛ አለ?» ይላል። ልጆቹ ይተያያሉ። ምኑን ይግዙ? አንዲት የአምስተኛ ክፍል ልጅ «ሀ» ብላ ጠራች። ሰሌዳው ላይ የተደበቀው ቃል «ፀሐይ» ነው። አጫዋቹ «ሀ የለም፣ ያለው ሐመሩ ሐ ነው» ብሎ ተራዋን ለሌላ ሰጠባት። ድምፁ አንድ ነው፣ ልጅቷ ልክ ናት። አለቀሰች። እዚያ ላይ ጨዋታውን አስቆምኩት። ቡናና ዳቦ ነበር፣ እሱን አቀረብን።

ገንዘቡን ስጠይቅ «ቀብድ አይመለስም» ተባልኩ። ስንት ጊዜ ደውዬ 2,000 ብር መለሰልኝ። ስለ ቀብድ አንድ ነገር እወቁ። በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ፣ ሌላ ስምምነት ከሌለ፣ ቀብድ ሰጪው ውሉን ቢተው ቀብዱን ያጣል። ተቀባዩ ቢተው ደግሞ እጥፍ አድርጎ ይመልሳል። ስለዚህ የምትሰጡትን ገንዘብ «ቀብድ» አትበሉት። «ቅድሚያ ክፍያ» ብላችሁ በወረቀት አስፍሩ፣ የሚመጣውንም ዕቃ አንድ በአንድ ጻፉበት። «ሙሉ ፊደል» የሚለው ቃል አይበቃም። ስንት ካርድ? ከየትኛው ቤት እስከ የትኛው ቤት?

ክቡን ሳታዞሩ ቀሪውን አትክፈሉ። 24 ጊዜ አሽከርክሩት፣ የቆመበትን ምልክት አድርጉ። 12 ክፍል ካለው እያንዳንዱ ሁለት ጊዜ አካባቢ መምጣት አለበት። አንድ ወይ ሦስት ቢሆን ችግር የለውም። አንዱ ስምንት ዘጠኝ ጊዜ ከመጣ ግን መልሱት። ጊዜ ከሌላችሁ ደግሞ ክቡን ሳትገፉ ልቀቁትና እዩ። ራሱ ዞሮ ሁሌ አንድ ወገኑ ወደ ታች ከወረደ ሚዛን የለውም። ክረምት ላይ ከሆነ ቀለም ያልተቀባ ኮምፔንሳቶም አትቀበሉ። የእኛው በባጃጅ ሲመጣ ዝናብ ነክቶት ጠርዙ ተጣሞ ነበር።

ከዚያ በኋላ ራሳችን ሠራነው። ሰፈራችን በርጩማ የሚሠሩ አንድ ጋሼ አሉ። ነገሩን ስነግራቸው «ልጄ፣ ለዚህ ይህን ያህል ብር!» ብለው አዘኑ። ከብስክሌት ጠጋኝ ጋ አሮጌ የፊት ጎማ በ300 ብር ገዛን። የብስክሌት ጎማ ኩሽኔታው ከነመሐሉ ስላለ ለስላሳ ይዞራል። ጋሼ አንድ ወጥ ኮምፔንሳቶ በክብ ቆርጠው በሽቦ አሰሩበት። እያንዳንዱ ክፍል 30 ዲግሪ፣ በጠቅላላው 12። በየክፍሉ ድንበር ሚስማር መቱ። ጠቋሚው ከጄሪካን የተቆረጠ ላስቲክ ነው፣ ሚስማሩን እየመታ ጣጣጣ ይላል። ልጆቹ ይህን ድምፅ ወደዱት። በቀለለው ወገን ከጀርባ ሁለት ዳዶ ለጥፈን ሚዛኑን አስተካከልን። ከካርቶንና ከቀለም ጋር በድምሩ 1,450 ብር ወጣ። ጋሼ የእጃቸውን አልተቀበሉም።

ፊደሉን በተመለከተ 231 ካርድ ማዘጋጀት አያስፈልግም። ለየእንቆቅልሹ የሚያስፈልገውን ብቻ ጽፋችሁ ገልብጣችሁ ስቀሉ። ዋናው ለውጥ ሕጉ ላይ ነው። ልጁ አንድ ፊደል ሳይሆን ቤተሰቡን ይጥራ። «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» 13 ፊደል ነው። «በ» ያለ ልጅ ቢንም ብንም በንም ይከፍታል። «ረ» ያለም ሦስቱን ር ያገኛል። «ሰ» ሳንና ስን። እያንዳንዱን ለይቶ ይጥራ ብትሉት ግን አሥር ጊዜ ጠርቶ አንድም ላያገኝ ይችላል፣ ይሰለቻል። ሀ፣ ሐና ኀ እንደ አንድ ይቆጠሩ። ሰና ሠ፣ አና ዐ፣ ጸና ፀም እንዲሁ። ይህን ከመጀመራችሁ በፊት ጮክ ብላችሁ ተናገሩ። አናባቢ መግዛቱን ለቁቤው ዙር ብቻ አድርጉት፣ እዚያ ቦታው ነው። ዶላሩን በነጥብ ቀይሩት። «ባዶ» የሚለውንም ክፍል አንድ ብቻ አድርጉ፣ ለልጆች እሱ ይበቃል።

ከእንቁጣጣሽ በኋላ ባለው ቅዳሜ ልጆቹን መልሰን ጠራናቸው። 29ኙ መጡ። ያቺ ያለቀሰችው ልጅ «ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» የሚለውን ስድስት ፊደል ብቻ ተከፍቶ ጮሃ መለሰችው።

ክቡና ሰሌዳው አሁን እኛ ጋ ተቀምጠዋል። ጅማ ውስጥ ለልጆች ዝግጅት የሚፈልግ ካለ በነፃ እናውሳለን። በባጃጅ ስትወስዱት ዝናብ እንዳይነካው ላስቲክ አልብሱት፣ ጠቋሚው እንዳይሰበርም ነቅላችሁ ለብቻ ያዙት።